ጥቁር ሬል

ጥቁር ሬል (ሳይንሳዊ ስም፦ ላቴራለስ ጃማይሴንሲስ) በሰሜንና በደቡብ አሜሪካ ረግረጎች የሚኖር በጣም ትንሽ ወፍ ነው። ራሊዴ ከተባለው አስተኔ (ቤተሰብ) ይመደባል። በኢትዮጵያና በኤርትራ ደጋ ብቻ የሚገኘው የሩዤ ሬልም የዚሁ አስተኔ አባል ነው። ጥቁር ሬል ከሣር ሥር ስለማይወጣ በዓይን የሚታየው ከስንት አንዴ ነው፤ መኖሩ በአብዛኛው የሚታወቀው በድምፁ ነው።

ስያሜና ስርጭት

ሳይንሳዊ ስሙን የሰጠው ጀርመናዊው የተፈጥሮ ተመራማሪ ዮሃን ፍሪድሪክ ግሜሊን እ.ኤ.አ. በ1789 ነው። የስሙ ሁለተኛ ክፍል «የጃማይካ» ማለት ነው። በሰሜን አሜሪካ ሁለት ንዑስ ዝርያዎች ይገኛሉ፦

* የምሥራቁ ጥቁር ሬል በዋናነት በአትላንቲክ ውቅያኖስና በሜክሲኮ ባሕረ ሰላጤ ጠረፎች ይኖራል። ጥቂቶች በካንሳስና በኮሎራዶ ጨው አልባ ረግረጎችም ይራባሉ።
* የካሊፎርኒያው ጥቁር ሬል በሳን ፍራንሲስኮ ባሕረ ሰላጤ ዙሪያና በኮሎራዶ ወንዝ ታችኛ ክፍል ይገኛል። እ.ኤ.አ. በ1994 ደግሞ በሴራ ኔቫዳ ተራሮች ግርጌ፣ ቀድሞ ባልተጠበቀበት ቦታ፣ ተገኝቷል።

በሰሜን በኩል የሚራቡት ክረምቱን ለማሳለፍ ወደ ደቡብ ሲፈልሱ፣ በፍሎሪዳና በቴክሳስ ያሉት ዓመቱን ሙሉ እዚያው ይቆያሉ።

መልክ

ርዝመቱ ከ10 እስከ 15 ሴንቲሜትር፣ ክብደቱም ወደ 35 ግራም ገደማ ነው። አካሉ ጥቁር ግራጫ፣ ማጅራቱ ቡናማ፣ ጀርባው በነጭ ነጠብጣብ የተረጨ ነው። ምንቃሩ አጭርና ጥቁር ሲሆን፣ የአዋቂው ዓይን ደማቅ ቀይ ነው። የሌሎች ሬሎች ጫጩቶችም ጥቁር ስለሆኑ ብዙ ጊዜ በስሕተት ጥቁር ሬል ተብለው ይወሰዳሉ።

መኖሪያ

በባሕር ጠረፍ ያለ ጨዋማ ረግረግ ሁለት ክፍል አለው። ታችኛው ባሕሩ ሲሞላ በየቀኑ በውኃ ይሸፈናል፤ ላይኛው ግን ውኃ የሚደርሰው ሙላቱ እጅግ ከፍ ሲል ብቻ ነው። ጥቁር ሬል የሚኖረው በላይኛው ክፍል ነው። አፈሩ እርጥብ መሆን አለበት፤ ውኃው ግን ከ3 ሴንቲሜትር በላይ እንዲጠልቅ አይፈልግም። በዚህ ቦታ የሚበቅለው ስፓርቲና ፓተንስ የተባለ ቀጭን ሣር እየተኛ ጥቅጥቅ ያለ ሽፋን ይሠራል። ወፉም ከዚህ ሽፋን ሥር እንደ አይጥ እየተሽሎከሎከ ይንቀሳቀሳል። ሰው ሲቀርበው ከመብረር ይልቅ መሮጥን ይመርጣል። ምግቡ ነፍሳት፣ ሌሎች አከርካሪ የሌላቸው ትንንሽ እንስሳትና የሣር ዘር ነው።

ድምፅ

ወንዱ በመራቢያ ወቅት «ኪክ-ኪክ-ከር» የሚመስል ድምፅ ያሰማል። የምሥራቁ ንዑስ ዝርያ በብዛት የሚጮኸው በሌሊት ነው። ተመራማሪዎች የተቀዳ ድምፅ በረግረጉ ውስጥ አሰምተው መልስ ይጠብቃሉ፤ ወይም መቅጃ መሣሪያ ለብዙ ሌሊቶች ይተዋሉ። ይሁን እንጂ ያለ ወፍ ሁሉ ስለማይመልስ ዝምታው ብቻ ወፉ እንደሌለ አያረጋግጥም። ስለዚህ ቁጥሩን መገመት አስቸጋሪ ነው።

መራባት

ጎጆው በመሬት ላይ ወይም ከመሬት ጥቂት ከፍ ብሎ ይሠራል፤ የላዩ ሣር እንደ ጣሪያ ይሸፍነዋል። ሴቷ አብዛኛውን ጊዜ 7 ያህል እንቁላል ትጥላለች፤ ሁለቱም ወላጆች ይታቀፋሉ። ጫጩቶቹ ከተፈለፈሉ በኋላ ብዙም ሳይቆዩ ጎጆውን ለቀው ወላጆቻቸውን ይከተላሉ። ከመራቢያው ወቅት በኋላ አዋቂዎቹ የክንፍ ላባቸውን በአንድ ጊዜ ስለሚጥሉ ለ3 ሳምንት ያህል መብረር አይችሉም።

አደጋዎችና ጥበቃ

ባሕሩ ከወትሮው በላይ ሲሞላ ጎጆው በውኃ ሊወሰድ ይችላል። ወፉም ከሽፋኑ ሲወጣ ለሽመላዎችና ለአዳኝ ወፎች ይጋለጣል። በጠረፉ ላይ ብዙ ረግረግ ለእርሻ፣ ለግንባታና የወባ ትንኝን ለመቀነስ ሲባል ተቆፍሯል ወይም ደርቋል። አሁን ዋናው ስጋት የባሕር ወለል ከፍታ መጨመር ነው። ባሕሩ ሲጨምር ረግረጉ ወደ የብስ እየሸሸ ሊተካ ይችል ነበር፤ ነገር ግን ከኋላው መንገድ፣ ግድብ ወይም ቤት ካለ መሸሻ የለውም። በዚህ ጊዜ መጀመሪያ የሚጠፋው ጥቁር ሬል የሚራባበት ላይኛው ክፍል ነው።

እ.ኤ.አ. በ2020 የአሜሪካ የዓሣና የዱር እንስሳት አገልግሎት የምሥራቁን ጥቁር ሬል ለመጥፋት ከተቃረቡት ቀጥሎ ባለው «ስጋት ያለበት» በሚለው ደረጃ መዘገበው። ከዚሁ ጋር የወጣው ደንብ ወፉ በሚገኝባቸው ቦታዎች ሣር ማቃጠልንና ማጨድን ይገድባል። በተለይ ወፉ እንቁላል በታቀፈበት፣ ጫጩት በሚያሳድግበትና መብረር በማይችልበት ጊዜ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። እሳት ረግረጉን ከቁጥቋጦ ለማጽዳት ሊጠቅም ይችላል፤ ሆኖም ወፉ ሸሽቶ የሚጠለልበት ያልተቃጠለ ሣር ካልተተወለት ማምለጫ አያገኝም።