ኬላውና ጠገራው

ጠጋ ጠጋ በሉ! ቡርቃ ጃቶ ያላችሁም፣ ከጊምቢ ከሻምቡ የመጣችሁም። የዛሬው ትረካዬ የንጉሥ አይደለም፣ የነጋዴና የገበያተኛ ነው። አገር ከአገር ሲቀላቀል ጭነት የጫነው ሰው ምን ይገጥመዋል? የሚያሳስበኝ ይኼ ነው።

ዘመኑ 1874 ዓ.ም. ነው። እምባቦ ላይ፣ ዛሬ ሆሮ ጉዱሩ በምንለው አገር፣ የሸዋው ንጉሥ ምኒልክና የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ተዋጉ። ድሉ የሸዋ ሆነ፤ የጎጃሙ ንጉሥም ተማረኩ። የሌቃ ነቀምቴው ሞሮዳ በከሬ ይህን አይተው በጦር መሪው በራስ ጎበና ዳጬ በኩል ለምኒልክ በሰላም ገቡ። በሰላም መግባታቸው ብዙ አተረፈ። ሌላው አገር ላይ የሰፈረው ጦር ሌቃ ላይ አልሰፈረም፤ ግብር ተቆረጠ፣ ወርቁ በወቄት እየተመዘነ ወደ ሸዋ ሄደ፣ አገሩን ማስተዳደሩ ግን ከቤተ ሰቡ እጅ አልወጣም። ከሞሮዳ በኋላ ልጃቸው ኩምሳ ተተኩ፤ እሳቸውም ክርስትና ተነሥተው ደጃዝማች ገብረ እግዚአብሔር ተባሉ። ቤተ መንግሥቱ እዚሁ ነቀምቴ ቆሟል፤ ገብታችሁ እዩት።

አሁን ወደ በቅሎው ዱካ እንመለስ። ከዚያ በፊት ነጋዴው ጎጃም ባሶ ገበያ ላይ ጭኖ፣ የአባይን በረሃ ወርዶና ወጥቶ፣ ጉዱሩ አሰንዳቦ ይገባ ነበር። ባዕድ ሰው ያለ ዋስ አገር አያቋርጥም። ከአገሬው ትልቅ ሰው ጋር ቃል ይገባና ሞጋሳ በሚባለው ሥርዓት የእሱ ወገን ይሆናል፤ ያን ጊዜ የነካው ሰው የዋሱን ቤት እንደነካ ይቆጠራል። ይለፍ ማለት ይኼ ነበር።

ገንዘቡስ? አሞሌ ነው፤ ከአፋር በረሃ የተቆረጠ፣ ከስንዝር ጥቂት የሚያልፍ የጨው ጡብ። እንዳይሰበር በልጥ ይታሰራል፤ ጫፉ ከተሸረፈ ዋጋው ይወርዳል። ከምንጩ በራቀ ቁጥር ይወደዳል፤ ስለዚህ ወለጋ ሲደርስ ውድ ነው። የወለጋን ክረምት ደግሞ ታውቁታላችሁ! በሌላው አገር ገንዘብ ይጠፋል ወይም ይሰረቃል፤ እዚህ ግን ይሟሟል። እናቶቻችን ጭስ በማይታጣበት ቦታ ሰቅለው ያኖሩት የነበረው ለዚህ ነው። ጨዋታ አይደለም፤ የዓመት ጥሪታቸው ነበር።

እንግዲህ ሌቃ ከሸዋ ተቀላቀለ። የመንገዱ ፊት ወደ እንጦጦ፣ ኋላም ወደ አዲስ አበባ ዞረ። ነጋዴው «አንድ አገር ሆነናል፣ መንገዱ ተከፈተ» ብሎ ቡናውንና ማሩን ጭኖ ተነሣ። ኬላው ግን አልተነሣም። ወንዝ ማቋረጫው ላይ፣ ገበያው በር ላይ ኬላ ጠባቂ አለ፤ ጭነቱን ያስወርዳል፣ ቀረጡን ይቀበላል፣ ነጋዴውም መልሶ ይጭናል። በሚቀጥለው ኬላ እንደገና ማውረድ ነው። የቀረጡ ዋጋ የሚጨመረው ገዢው ላይ ነው፤ ጨው የምትሸምተው ሴት የማታውቀውን ኬላ ሁሉ ትከፍላለች።

ጠገራው ብርም እንዲሁ። 1887 ዓ.ም. የተቀረጸበት የምኒልክ ብር ቢወጣም፣ ገበሬው አላመነውም። እሱ የሚያውቀው የማሪያ ቴሬዛን ጠገራ ነው። በላዩ የተቀረጸችውን ሴትዮ የራስ ጌጥ ዕንቁ ቆጥሮ፣ የትከሻዋን ማያያዣ ዳስሶ፣ 1780 የሚለው ቁጥር መኖሩን አይቶ ይቀበላል። በጠቅላላው አገር አንድ የወረቀት ብር ጸንቶ ጠገራውን መተካት የጀመረው በ1937 ዓ.ም. ነው። ከ1874 ቁጠሩት፦ 63 ዓመት! በሰላም የገባ አገር ነጋዴ፣ ገንዘቡ አንድ እስኪሆን ይህን ያህል ጠበቀ።

ከሰባት ዓመት በላይ ቆይቶ፣ በ1945 ዓ.ም. ኤርትራ በፌዴሬሽን ስትቀላቀል፣ በተባበሩት መንግሥታት የጸደቀው ሰነድ ስለ ገበያተኛው ከመነሻው ተናገረ፤ መላው ፌዴሬሽን አንድ የጉምሩክ ክልል ይሁን፣ ዕቃና ሰው ያለ ዕገዳ ይዘዋወር አለ። ፌዴሬሽኑ ምን እንደደረሰበት ሌላ ትረካ ነው። ያቺን አንቀጽ ግን እወዳታለሁ፤ የነጋዴውን ጭነት አስባለች።

ዛሬስ? ልጆቻችን አውሮፓ ናቸውና ይህም የእኛ ጉዳይ ነው። ክሮኤሺያ ወደ አውሮፓ ኅብረት የገባችው እ.ኤ.አ. በ2013 ነው፤ የድንበር ፍተሻው የቀረውና ዩሮ የመጣው ግን በ2023 መባቻ። ገንዘቡ ሲለወጥ እንዴት ተጠነቀቁ መሰላችሁ! ከለውጡ ወራት በፊት ጀምሮ እስከ 2023 መጨረሻ እያንዳንዱ ሱቅ የአሮጌውን ገንዘብ የኩናንና የዩሮውን ዋጋ ጎን ለጎን እንዲጽፍ ግዴታ ነበረበት። አሞሌ ይዛ ነቀምቴ ገበያ የቆመች ሴት እንዲህ የሚጠነቀቅላት ሰው ብታገኝ ኖሮ ብዬ ሁልጊዜ እቆጫለሁ።

ሮማኒያና ቡልጋሪያም በ2007 ገብተው፣ የየብስ ኬላቸው የተነሣው በ2025 ነው። አየርላንድ ደግሞ ከ1973 ጀምራ የኅብረቱ አባል ሆና ሳለ የድንበር ፍተሻ በቀረበት የሸንገን ክልል ውስጥ የለችም፤ ስዊዘርላንድ አባል ሳትሆን ሸንገን ውስጥ አለች። ስለዚህ ደብሊን ያለው የነቀምቴ ልጅ በአየርላንድ መኖሪያ ፈቃድ ብቻ እኅቱን ለመጠየቅ ፓሪስ መግባት አይችልም፤ የሸንገን ቪዛ ማውጣት አለበት። ዙሪክ ያለው ወንድሙ ግን ፓስፖርቱንና የመኖሪያ ፈቃዱን ይዞ፣ በ180 ቀን ውስጥ ከ90 ቀን ሳያልፍ፣ ያለ ቪዛ ደርሶ ይመለሳል።