ትእዛዝ ያልሰማው ካሜራማን

አዝማሪ ቤት የገባ ሰው ዓይኑን የሚያዝበት የለም። ሲያሻው መሰንቆውን፣ ሲያሻው እስክስታ የምትመታውን፣ ሲያሻው ብርሌውን ይመለከታል። በፊልም ሙዚቃ የምናይ ሰዎች ግን ይህ ነጻነት የለንም፤ ዲሬክተሩ ባየልን ነው የምናየው። ታዲያ እሱ ያላየውስ የት ይግባ? እስቲ አንድ ምሽት ይመስክር። (ዓመቶቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ኖቬምበር 25 ቀን 1976 በሳን ፍራንሲስኮ፣ ዊንተርላንድ በተባለው አዳራሽ፣ «ዘ ባንድ» የተሰኘው ቡድን የስንብት ትርዒቱን አቀረበ። ትርዒቱን «ዘ ላስት ዋልትዝ» ብሎ በፊልም ያነሳው ማርቲን ስኮርሴዚ ነው። ሰባት ባለ 35 ሚሊ ሜትር ካሜራዎች አሰለፈ። የየዘፈኑን ግጥም ጽፎ፣ በየስንኙ አንጻር ካሜራውና መብራቱ የሚሠሩትን አሰፈረ፤ ትእዛዙን በጆሮ ማዳመጫ ያስተላልፍ ነበር።

እንዲህ ያለ ሥራ «እስቲ ድገመው» አይባልበትም፤ ያመለጠ አመለጠ ነው። በዚያ ላይ አንድ ጥቅል ፊልም አሥር ደቂቃ ያህል ሄዶ ያልቃል፤ መቀየር አለበት። ስለዚህ ዲሬክተሩ የቱ ዘፈን እንደሚነሳ፣ የቱ እንደሚቀር የግድ ይመርጣል።

ከዚያ መዲ ዎተርስ ወጣ። በሚሲሲፒ የጥጥ እርሻ ላይ የሠራ፣ በ1943 ወደ ቺካጎ ተሻግሮ የገጠሩን ብሉዝ በኤሌክትሪክ ጊታር ያስጮኸ አንጋፋ። እዚያ ከተሰበሰቡት ሙዚቀኞች ብዙዎቹ የእሱ ልጆች ናቸው ቢባል ሐሰት አይሆንም። እሱ «ማኒሽ ቦይን» ሲጀምር ካሜራዎቹ ቆመዋል! ስኮርሴዚ በኋላ እንደተረከው፣ ላዝሎ ኮቫክስ የተባለው ካሜራማን ጩኸቱ ሰልችቶት ማዳመጫውን አውልቆ ስለነበር «አቁም» ሲባል አልሰማም። ማንሳቱን ቀጠለ። ዛሬ ያን ዘፈን የምናየው በእሱ ካሜራ ነው።

ብዙ ሰው ይህን እንደ ቀልድ ያወራዋል። እኔን ግን ያስደነግጠኛል። የአባትየው ምስል የተረፈው ባለመስማት ነዋ! በርግጥ ያለ እቅድ ሰባት ካሜራ አይመራም፤ ኮቫክስንም እዚያ ያቆመው እቅዱ ነው። ሆኖም እቅድ የሚያየው አስቀድሞ የገመተውን ብቻ ነው።

ሌላም አለ። ፊልሙ በ1978 ወጣ። የቡድኑ ከበሮ መቺ ሌቮን ሄልም በ1993 ባሳተመው የሕይወት ታሪኩ አምርሮ ወቀሰው፦ ካሜራው ጊታሪስቱን ሮቢ ሮበርትሰንን ያዘወትራል፤ ፒያኖ መቺው ሪቻርድ ማኑኤል ግን ከናካቴው አይታይም ማለት ይቻላል። ሮበርትሰን ደግሞ የፊልሙ ፕሮዱሰር ነበር! ወቀሳው ልክ ነው አይደለም፣ ፊልሙን አይቶ መፍረድ የአንባቢ ፈንታ ነው። ማኑኤል በ1986 አረፈ፤ ያን ምሽት ያልተነሳ ፊቱ ከእንግዲህ ከየት ይመጣል?

እንግዲህ ነገ ካሜራ የምትይዙ ወንድሞችና እህቶች፣ እቅዱን ጻፉ፣ ስንኙንም ቁጠሩ። ግን አንዷን ካሜራ ለማንም ሳታዝዙ ተዉአት። መድረኩ ጥግ ላይ ማን እንደተቀመጠ ታሳያችኋለች።