አበቅቴ፣ መጥቅዕ እና አንድ ቀጥታ መስመር

በወሎ ቦረና ያደገ ልጅ ቁልቁለትን ለማወቅ መምህር አያሻውም። ከመካነ ሰላም ደጋ ወደ ዓባይ በረሃ የወረደ ሁሉ በጉልበቱ ተምሮታል። እኔ ግን መምህራችን በጥቁር ሰሌዳው ላይ አንድ አግድም፣ አንድ ቁም መስመር አስምረው፣ «የዚህን እኩልታ ግራፍ ሥሩ» ባሉን ዕለት እጄ ደርቆ ቀረ። በፈተናውም ወደቅሁ።

መሪጌታ የነበሩት አያቴ ያን ማታ በአባ ጊዮርጊስ ዘጋስጫ አጽናኑኝ። ሰዓታትን የደረሰው ሊቅ ገዳሙ ጋስጫ በዚያው በቦረና ምድር ነው፤ በልጅነቱ ሐይቅ እስጢፋኖስ ገብቶ ለዓመታት ትምህርት አልገባው ብሎ እንደ ነበር በትውፊት ይነገራል። አያቴ ይህን ነግረውኝ ሲያበቁ ወደ ባሕረ ሐሳባቸው ተመለሱ። በጣቶቻቸው እየቆጠሩ የዓመቱን አጽዋማትና በዓላት ያወጡ ነበር። «አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው ሠላሳ ካልሞሉ ተሳስተሃልና ተመለስ» ይሉኝ ነበር። ቃሉን ሸመደድሁት፤ ከሰሌዳው መስመር ጋር ግን ዝምድና ያለው አልመሰለኝም።

የስሌቱ መንገድ እንዲህ ነው። በዓመተ ምሕረቱ ላይ 5500 ይደመራል፤ ድምሩ ለ19 ተካፍሎ ከቀሪው አንድ ሲነሣ ወንበር ይገኛል። ወንበር በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ የሚተርፈው አበቅቴ ነው፤ በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ የሚተርፈው ደግሞ መጥቅዕ። በ2000 ዓ.ም. ወንበሩ 13፣ አበቅቴው 23፣ መጥቅዑ 7 ነበረ፤ በ2001 ዓ.ም. አበቅቴው 4፣ መጥቅዑ 26 ሆነ። 11 እና 19 ተደምረው 30 ስለሚሆኑ፣ ሁለቱ ምንጊዜም ሠላሳ ይሞላሉ።

አያቴ ካረፉ በኋላ፣ ሚሌኒየሙ በተከበረበት ዓመት፣ የአንድ ዑደት 19 ዓመታትን አበቅቴና መጥቅዕ በወረቀት ላይ አሰፈርሁ። አበቅቴን በአግድሙ፣ መጥቅዕን በቁሙ ለክቼ ነጥቦቹን ባኖራቸው፣ አንድም ሳይቀር በቀጥታ መስመር ተሰለፉ። ከቁሙ 30 ላይ የሚነሣ፣ አንድ ወደ ቀኝ በሄደ ቁጥር አንድ ወደ ታች የሚወርድ ቁልቁለት! መምህራችን ቢጽፉት «ዋይ እኩል ይሆናል 30 ሲቀነስ ኤክስ» የሚሉት፣ እኔ የወደቅሁበት ዓይነት እኩልታ።

አንባቢ ሆይ፣ ከዚህ ተነሥቼ «አውሮፓን ቀድመናል» አልልም። ቤተ ክርስቲያናችን ስሌቱን የእስክንድርያው ሊቀ ጳጳሳት የድሜጥሮስ ነው ትላለች፤ የ19 ዓመቱ ዑደትም ከእርሱ በፊት በባቢሎናውያንና በግሪኮች ዘንድ የታወቀ ነበር። የአንደኛ ደረጃ እኩልታ ቀጥታ መስመር እንደሚሆን ያሳየው ፈረንሳዊው ፌርማ ነው፤ ጽሑፉም ከሞተ በኋላ በ1679 እ.ኤ.አ. ታተመ። የአገሩ ሰው ዴካርትም እኩልታንና ጂኦሜትሪን ያጣመረበትን መጽሐፉን በ1637 እ.ኤ.አ. አሳትሟል። አያቴ የወረሱት ሕጉን ነበር፤ መምህሬ ያመጡልን ሥዕሉን።

የሚቆጨኝ ሌላ ነው። ሁለቱም በአንዲት ከተማ ኖሩ፤ በየቀኑ ከአንዱ ወደ ሌላው የምመላለሰው እኔ ብቻ ነበርሁ፤ የአንዱን ለሌላው አላደረስሁም። 19 ነጥቦች ያሉበት ወረቀት ዛሬ በአያቴ ዳዊት ውስጥ ተጣጥፎ ተቀምጧል።