ክፍልፋይን ለክፍልፋይ ማካፈል የሚጠይቁ የቃላት ጥያቄዎች አሠራር

ክፍልፋይን ለክፍልፋይ ማካፈል በአንደኛ ደረጃ የሒሳብ ትምህርት ይሰጣል፤ እህል ሲሰፈር፣ ማሳ ሲለካና ዘይት ሲቀዳም ያጋጥማል። በቃላት የቀረበ ጥያቄ አብዛኛውን ጊዜ የሚያስቸግረው በስሌቱ ሳይሆን፣ የትኛው መጠን ለየትኛው እንደሚካፈል በመለየትና የተገኘውን ውጤት በመተርጎም ረገድ ነው። ይህ መግለጫ ልጆቻቸውን ለሚያስጠኑ ወላጆችና ለጎልማሳ ተማሪዎች የተዘጋጀ ነው።

የጥያቄው ዓይነት

ማካፈልን የሚጠይቁ ጥያቄዎች በሁለት ይመደባሉ።

ሀ) «ስንት ጊዜ ይገኛል?» የሚሉ፦ 3/4 ኩንታል ጤፍ እያንዳንዳቸው 1/8 ኩንታል በሚይዙ ከረጢቶች ቢሞላ ስንት ከረጢት ይሆናል? እዚህ ላይ መስፈሪያው፣ ማለትም 1/8፣ አካፋይ ነው። 3/4 ÷ 1/8 = 6 ከረጢት።

ለ) «ለአንዱ ስንት ይደርሳል?» የሚሉ፦ 3/4 ሄክታር ማሳ 22 ከ1/2 ኩንታል ስንዴ ቢሰጥ የአንድ ሄክታር ምርት ስንት ነው? የተጠየቀው ለአንድ ሄክታር ስለሆነ አካፋዩ የሄክታሩ መጠን ነው። 45/2 ÷ 3/4 = 30 ኩንታል። ቅደም ተከተሉ ቢገለበጥ 1/30 ይመጣል፤ ይህ ግን አንድ ኩንታል ያስገኘው የመሬት ስፋት በሄክታር ነው።

ከማባዛት ጋር መደባለቅ አይገባም። «የ6 ኩንታል ግማሽ» ማባዛት ሲሆን ውጤቱ 3 ኩንታል ነው። 6 ኩንታል እህል ግማሽ ኩንታል በሚይዙ ጆንያዎች ሲሞላ ግን ማካፈል ነው፤ ውጤቱም 12 ጆንያ ነው። አካፋዩ ከ1 ሲያንስ ውጤቱ ከተካፋዩ ይበልጣል።

የአሠራር ቅደም ተከተል

1. በመጀመሪያው ዓይነት ጥያቄ ሁለቱን መጠኖች በአንድ መለኪያ መጻፍ። ኩንታልና ኪሎ ግራም ከተደባለቁ፣ 1 ኩንታል 100 ኪሎ ግራም ነው።
2. ድብልቅ ቁጥርን ወደ ክፍልፋይ መለወጥ፤ 22 ከ1/2 = 45/2።
3. ተካፋዩን እንዳለ ትቶ የአካፋዩን ላዕልና ታህት ማገላበጥ፣ ከዚያም ማባዛት። ምክንያቱም በ1 ኩንታል ውስጥ 1/8 ኩንታል 8 ጊዜ ይገኛል፤ በ3/4 ኩንታል ውስጥ ደግሞ የ8 ሦስት አራተኛ፣ ማለትም 6 ጊዜ ይገኛል።
4. ውጤቱን በአካፋዩ አባዝቶ ተካፋዩ መመለሱን ማረጋገጥ።

የውጤቱ ትርጉም

2 ከ1/2 ሊትር ዘይት 3/4 ሊትር በሚይዙ ጠርሙሶች ቢቀዳ፦ 5/2 × 4/3 = 10/3 = 3 ከ1/3።

እዚህ ላይ 1/3 የሊትር ሲሶ ሳይሆን የጠርሙስ ሲሶ ነው። የ3/4 ሊትር ሲሶ 1/4 ሊትር ስለሆነ ከሦስቱ ሙሉ ጠርሙሶች የተረፈው ሩብ ሊትር ብቻ ነው። የተረፈውን 1/3 ሊትር ነው ብሎ የሚሸጥ ሰው ገዢውን ላልተቀበለው ዘይት ያስከፍላል።

መልሱም እንደ ጥያቄው ይለያያል። ስንት ጠርሙስ እንደሚሞላ ከተጠየቀ መልሱ 3 ነው፤ ዘይቱን በሙሉ ለመያዝ ስንት ጠርሙስ እንደሚያስፈልግ ከተጠየቀ ግን 4 ነው። ስለዚህ ስሌቱ ካለቀ በኋላ ጥያቄውን እንደገና አንብቦ መልሱን ከነመለኪያው መጻፍ ያስፈልጋል።