የአጥራችን እንዶድ

አገር ቤት ሳለን እንዶድን እንደ ቁም ነገር የሚቆጥረው አልነበረም። በአጥሩ ላይ ይሳባል፣ ዛፍ ካገኘም ይንጠላጠልበታል። ፍሬው ሲደርስ እናቶቻችን ለቅመው በፀሐይ ያደርቁታል፤ ወቅጠውም ወደ ወንዝ ይወርዳሉ። የበዓሉ ነጠላና ጋቢ የሚነጣው በእርሱ አረፋ ነበር። ሳሙና በየሱቁ ሲበዛ እንዶዱ ተረሳ። ዛሬ በገዳሪፍ ምድር ተቀምጠን ስለዚያ የአጥር ሐረግ መጻፋችን ለናፍቆት ብቻ አይደለም። ልጆቻችን በሚዋኙበት ቦይ ውስጥ ካለው በሽታ ጋር የሚያገናኘው ታሪክ አለው። ዘመኑን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር እንጽፋለን።

በሽታው ቢልሃርዝያ ነው። ስሙን ያገኘው ትሉን በ1851 በካይሮ ካገኘው ጀርመናዊ ሐኪም ከቴዎዶር ቢልሃርዝ ነው። የታመመ ሰው በውሃ ውስጥ ወይም በውሃ ዳር ሲጸዳዳ የትሉ እንቁላል ውሃ ይገባል። የተፈለፈለው እጭ በቀንድ አውጣ ገላ ውስጥ ይራባል፤ ከዚያም ወጥቶ ውሃው ውስጥ የገባውን ሰው ቆዳ በስቶ ይገባል። እንግዲህ ቀንድ አውጣው ከጠፋ የበሽታው መንገድ ይቆረጣል። ቀንድ አውጣው ደግሞ የሚወደው የቆመ ወይም ዝግ ብሎ የሚሄድ ውሃ ነው። በ1964 በአትባራ ወንዝ ላይ የኸሽም ኤል ግርባ ግድብ አለቀ። ከአገራችን የሚወርዱት ጓንግ፣ አንገረብና እዚህ ሰቲት የሚባለው ተከዜ በዚያ ተጠራቅመው በቦይ ወደ እርሻ ተለቀቁ። እርሻው ለማ፤ ቢልሃርዝያም ቦዩን ተከትሎ ገባ።

በዚያው በ1964 ዶክተር አክሊሉ ለማ አድዋ ላይ ይህንኑ በሽታ ሲያጠኑ በወንዝ ዳር አንድ ነገር አስተዋሉ። ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ቦታ ዝቅ ብሎ የሞተው ቀንድ አውጣ ከሌላው ስፍራ ይልቅ በዝቶ ነበር። ከሴቶቹ አንዷን አረፋውን ሕያው ቀንድ አውጣ ባለበት ዕቃ ውስጥ እንድትጨምር ጠየቋት። ጨመረች፤ ቀንድ አውጣዎቹም ሞቱ። ከ1969 ጀምሮ በአድዋ ለአምስት ዓመት ያህል ውሃው በእንዶድ ሲታከም ከ1 እስከ 6 ዓመት ካሉት ሕፃናት መካከል የበሽተኛው ቁጥር ከ50 ከመቶ ወደ 7 ከመቶ ወረደ። በ1989 ዶክተር አክሊሉና የሥራ ባልደረባቸው ዶክተር ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ራይት ላይቭሊሁድ የተባለውን ዓለም አቀፍ ሽልማት ተቀበሉ። በ1990ዎቹ ደግሞ አንድ የአሜሪካ ዩኒቨርሲቲ የውሃ ቧንቧ የሚደፍን የዛጎል እንስሳን በእንዶድ የመግደልን ዘዴ በራሱ ስም በፓተንት አስመዘገበ። የእናቶቻችን የአጥር ተክል ባሕር ማዶ ባለቤት አገኘ ማለት ነው።

እኛ ከዚህ የምንይዘው ምንድን ነው? እንዶድ የደጋና የወይና ደጋ ተክል ስለሆነ ይህ ቆላ አይስማማውም። ስለዚህ እዚህ ያለን መከላከያ ልጆችን ከቦዩ ማራቅ፣ በመጸዳጃ ቤት መጠቀም፣ ሽንቱ ወይም ዓይነ ምድሩ ደም የቀላቀለበትንም ሳይውል ሳያድር ወደ ክሊኒክ መውሰድ ነው፤ መድኃኒቱ ፕራዚኳንቴል አለ። አገራችን ስንገባ ግን እንዶዱን በአጥራችን እንተክለዋለን። ያን ጊዜ ማወቅ የሚያስፈልገን አለ። ፍሬ የምታፈራው ሴቴዋ ተክል ብቻ ናት፤ ስለዚህ ቅርንጫፍ የሚቆረጠው ሲያፈራ ከታየው ግንድ ነው። እንዶድ ዓሣንም ይገድላል፤ ለመጠጥ በሚቀዳ ውሃም አይጨመርም።

ፍሬው መቼ እንደሚለቀም፣ እንዴት እንደሚደርቅ በየጎጆው ያሉ እናቶች ያውቃሉ። ዶክተሩ የልብስ አጣቢዋን እጅ አይተው ጠየቁ። እኛም እናቶቻችን በሕይወት ሳሉ እንጠይቃቸው፤ የነገሩንንም በዚሁ ወረቀት ላይ እንጻፈው።