የልደት ቀናችንን ማን ጻፈው?

ቂርቆስ ሰፈር ስሙን ያገኘው ከቅዱስ ቂርቆስ ቤተ ክርስቲያን ነው። ሕፃኑ ቂርቆስ ከእናቱ ከኢየሉጣ ጋር ሰማዕትነትን ሲቀበል የሦስት ዓመት ልጅ እንደነበረ ይነገራል። የሰፈሩ ባለ ስም ዕድሜው እንዲህ በውል የታወቀ ነው። የሰፈሩ ነዋሪ ግን፣ እኔን ጨምሮ፣ መቼ እንደተወለደ ሲጠየቅ የሚያወጣው የትምህርት ማስረጃውን ነው። ማስረጃው ቀኑን ከየት አመጣው? የምጠይቀው ይህንኑ ነው።

የቀደሙት ሰዎች ልደትን የሚያስታውሱት በተፈጸመ ነገር ነበር። «በኅዳር በሽታ» ያሉ እንደሆነ 1911 ዓ.ም. ነው፤ «ጣሊያን ሲገባ» 1928፤ «በታኅሣሥ ግርግር» 1953። ቀኑን ደግሞ እናት ከታቦት ትቆጥራለች፤ «የሚካኤል ማግሥት» ትላለች። ወንዱ በ40፣ ሴቷ በ80 ቀን ክርስትና ስለሚነሡ ቆጠራው አይሳሳትባትም። ይህ አቆጣጠር ለኑሮ ይበቃ ነበር፤ ያልበቃው ለቢሮ ነው።

ቢሮ ደግሞ ለአካባቢያችን እንግዳ አይደለም። የካዛንቺስ ስም ራሱ የመጣው በወረራው ዘመን ለኢጣሊያ መንግሥት ሠራተኞች ቤት ይሠራ ከነበረው ተቋም መጠሪያ፣ ከ«ካዜ ኢንቺስ» ነው። የመንግሥት ሠራተኛ ስሙን በተወበት ሰፈር የነዋሪው ልደት ሳይጻፍ መኖሩ ይገርማል።

ሕግ ጠፍቶ ነው እንዳንል፣ ሚያዝያ 27 ቀን 1952 ዓ.ም. የታወጀው የፍትሐ ብሔር ሕግ ልደት፣ ጋብቻና ሞት የሚጻፍበትን የክብር መዝገብ በዝርዝር ደንግጓል። መዝገቡ ስሕተት ቢገኝበት በፍርድ ቤት ውሳኔ እንዲታረምም አዟል። ነገር ግን ያው ሕግ በመጨረሻ ገጾቹ፣ በቁጥር 3361፣ እነዚህ ድንጋጌዎች በነጋሪት ጋዜጣ በሚወጣ ትእዛዝ ቀን እስኪቆረጥላቸው እንዳይሠራባቸው አደረገ። እስከዚያው ልደት በምስክሮች ቃል በሚዘጋጅ ማረጋገጫ እንዲረጋገጥ ፈቀደ። የተባለው ቀን ንጉሡም ደርግም እስኪያልፉ አልመጣም። በአገር አቀፍ ደረጃ ምዝገባ የተጀመረው በአዋጅ ቁጥር 760/2004 መሠረት ሐምሌ 30 ቀን 2008 ዓ.ም. ነው። 56 ዓመት መሆኑ ነው።

በዚህ ሁሉ ዘመን ለብዙዎቻችን መዝጋቢ የሆነልን ተማሪ ቤት ነበር። ሚዛኑም የታወቀ ነው፤ ልጁ ቀኝ እጁን በአናቱ ላይ አሳልፎ ግራ ጆሮውን ይነካል። ከነካ ሰባት ዓመት ሞልቶታል፤ ካልነካ ለከርሞ ይምጣ። እኔም በዚሁ ፈተና አልፌ ገባሁ፤ ጸሐፊው ከዘመኑ ላይ ሰባት ቀንሶ የልደት ዓመቴን ጻፈ። እጀ ረጅሙ በስድስት ዓመቱ፣ እጀ አጭሩ በስምንት ዓመቱ «ሰባት» ተባለ። ያ ግምት ከክፍል ወደ ክፍል፣ ከዚያም ወደ 12ኛ ክፍል ማስረጃ ተገለበጠ፤ ቀጥሎም ወደ ቀበሌ መታወቂያ። በመጨረሻ የልደት ምስክር ወረቀት ሲወጣ ማስረጃ ሆኖ የቀረበው ያው የትምህርት ወረቀት ነው። ግልባጩ ቀድሞ ዋናው ተከተለ!

ሌላም ያዛባው ነገር አለ። በ1975 ዓ.ም. ብሔራዊ ውትድርና ከ18 እስከ 30 ዓመት ላሉት ሲታወጅ የልጇን ዕድሜ ዝቅ ያደረገች እናት ማን ይፈርድባታል? የዘመን አቆጣጠራችንም አለ። መስከረም 1970 በፈረንጆቹ 1977 ነው፤ ሐምሌ 1970 ግን 1978። ሁሉንም በስምንት የደመረ የአንዱን ሰው ዕድሜ በዓመት አጉድሏል። በስደት የሄዱ ስንቶቹ ወገኖቻችን ቀናቸውን መናገር ስላልቻሉ በአንድ ላይ ጃንዋሪ 1 «ተወልደዋል»!

ስሕተቱ የሚታወቀው ጉዳይ ሲመጣ ነው፦ ውጭ አገር ያለች እናት ልጇን ስትጠራ፣ ወይም የነጻ ትምህርት ዕድል ሲገኝ። ያን ጊዜ ሰውየው ፍርድ ቤት ቀርቦ ማስረጃ አምጣ ይባላል። ጥብቅነቱ ያለ ምክንያት አይደለም፤ ጡረታ ለማራዘም ወይም በታዳጊዎች ቡድን ለመሰለፍ ዕድሜውን የሚቀንስ አለና። ለዚህም ነው የመንግሥት ሠራተኛ ጡረታ መጀመሪያ ሲቀጠር በተመዘገበው ዕድሜ የሚታሰበው። እንግዲህ በሰባት ዓመቱ ጆሮውን ያስነካው ግምት እስከ 60 ዓመቱ ይከተለዋል ማለት ነው።

ሆኖም ዳኛው ፊት ሁለት ማስረጃ ሲቀርብ፣ በአንድ ወገን ማኅተም ያለው የተማሪ ቤት ወረቀት፣ በሌላው ወገን «ሲወለድ ገንፎውን በልቻለሁ» የምትል ጎረቤት፣ የቱ ይመዝናል? ወረቀቱን የጻፈው ሰው ልደቱን አላየም፤ ጎረቤቲቱ አይታለች። የ1952ቱ ሕግም መዝገብ በሌለበት የምስክርን ቃል የተካው ይህን አውቆ ይመስለኛል። ስለዚህ ማኅተሙን ብቻ ከማየት ይልቅ ቀኑ በምን ተመሥርቶ እንደተጻፈ ቢጠየቅ ፍትሕ ይቀርባል።

ጊዜው ግን አይጠብቅም። በ2017 ዓ.ም. በኮሪደር ልማት ምክንያት ብዙ የካዛንቺስ ነዋሪ ተነሥቶ ወደ ከተማው ዳርቻ ሲበተን፣ የተበተነው ቤቱ ብቻ አልነበረም፤ ምስክሩም ነው። ዛሬ የሚወለድ ሕፃን በ90 ቀን ውስጥ ካስመዘገቡት ጆሮውን መንካት አያስፈልገውም። ከ2008 በፊት ለተወለድነው ግን የክብር መዝገባችን ገንፎ የበሉልን ሰዎች ናቸው። ሳያልፉ ቃላቸው ይጻፍልን።