ጀልባዎቹ ዘገዩ ተባለ

በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት የሰሜን ጦር መሐንዲሶች ድልድይ የሚሠሩበት ጀልባ ርዝመቱ 31 ጫማ ነበር፤ ዘጠኝ ሜትር ተኩል ገደማ ማለት ነው። ታቹ ጠፍጣፋ፣ ሁለቱም ጫፉ ድፍን። እያንዳንዱ ጀልባ በራሱ ሠረገላ ይጫንና በቅሎ ይጎትተዋል። ወንዝ ዳር ሲደርስ ወደ ውኃው ይገፉታል፣ መልህቅ ይጥሉለታል፣ ከጎኑ ሌላ ይደረድራሉ። ከጀልባ ጀልባ ወራጅ ያጋድማሉ፣ በወራጁ ላይ ሳንቃ ያነጥፋሉ፣ ጠርዙን በገመድ ይጠፍራሉ። ከዚያ መድፍም ፈረሰኛም ያልፍበታል።

ዕድሜዬን በአውራ ጎዳና የድልድይ ክፍል ስለጨረስኩ ይህን ሥራ በመጽሐፍ ሳነበው እንኳ ትከሻዬን ያመኛል። ቤይሊ ድልድይ ስንገጥም አንዱን የብረት ፍሬም ለማንሳት ስድስት ሰው ያስፈልግ ነበር፤ አንዱ ቀድሞ ከለቀቀ የሌላው ጣት ይሄዳል። እኛ ላይ ግን ማንም አይተኩስም ነበር።

ስለ 50ኛው የኒውዮርክ መሐንዲስ ክፍለ ጦር የማወራው ለዚህ ነው። (ዘመኑን በፈረንጅ አቆጣጠር እጠራለሁ።) በ1861 ኤልማይራ ከተማ ሲቋቋም በስሙ እግረኛ ጦር ነበር። ያቋቋመው ቻርልስ ስቱዋርት ግን የኒውዮርክ ግዛት ዋና መሐንዲስ የነበረ ሰው ነው። ብዙ የእጅ ባለሙያ ስለነበረበት ወዲያው ወደ መሐንዲስነት ተዛወረ፤ ድልድይ አጣጣሉንም ዋሽንግተን ተምሮ መጣ። ደሞዙ ላይ ግን ክርክር ነበር። ኮንግሬስ በጎ ፈቃደኛ መሐንዲሶችን ከመደበኞቹ እኩል ያደረጋቸው በሐምሌ 1862 ነው። ከዚያ በኋላ አንደኛ ደረጃ ባለሙያ በወር 17 ዶላር ሲያገኝ ተራው እግረኛ 13 ያገኝ ነበር። አራት ዶላር ለሙያ! የእኛም የሰርቪስ አበል ከዚህ ብዙ አይርቅም ነበር።

በዚያው ዓመት በኅዳር ጄኔራል በርንሳይድ የሰሜንን ጦር ተረከበ። ዕቅዱ በፍሬድሪክስበርግ በኩል የራፓሃኖክን ወንዝ በፍጥነት ተሻግሮ ወደ ደቡቦቹ ዋና ከተማ ወደ ሪችመንድ መገስገስ ነው። ነባሮቹ ድልድዮች ተቃጥለዋል፤ ስለዚህ ነገሩ ሁሉ በጀልባዎቹ ላይ ተንጠለጠለ። ጀልባዎቹ ደግሞ ሜሪላንድ ውስጥ በርሊን በምትባል መንደር፣ በ50ኛው መኮንን በሻለቃ አይራ ስፖልዲንግ እጅ ናቸው። ወደ ዋሽንግተን አምጣቸው የሚለው ትእዛዝ ኅዳር 6 ተጻፈ። ቴሌግራፍ እያለ በፖስታ ተላከ! ስፖልዲንግ እጅ የገባው ኅዳር 12 ነው። (ወረቀት የሚዘገይበት መከር ነበር መሰለኝ፤ አፄ ቴዎድሮስ ለንግሥት ቪክቶሪያ የጻፉት፣ መልስ አጥቶ መቅደላን ያመጣው ደብዳቤም የዚያው ጥቅምት ነው።)

የመሐንዲሶቹ አለቃ ጄኔራል ዉድበሪ ጀልባዎቹ እንደማይደርሱ ሲገባው፣ የጦሩ ጉዞ አምስት ቀን እንዲዘገይ ጠቅላይ አዛዡን ሃሌክን ለመነ። ሃሌክ እምቢ አለ። ኅዳር 19 ሠረገሎቹ ከዋሽንግተን ሲነሱ ዝናቡ ወረደ፤ በቅሎዎቹ እስከ ሆዳቸው ጭቃ ገቡ። በመጨረሻ ኦኮኳን ወንዝ ላይ ጀልባዎቹን ከሠረገላ አውርደው በውኃ ወሰዷቸው። እኛ የቨርጂኒያ ሐበሾች ያንን መንገድ አሳምረን እናውቀዋለን፤ አስፋልት ሆኖም ኦኮኳን ጋ ሲደርስ መኪናው ሁሉ ይቆማል።

የበርንሳይድ ግንባር ቀደም ጦር ከወንዙ ዳር የደረሰው ኅዳር 17 ነው፤ ማዶ የነበረው ጠላት ጥቂት ነበር። ጀልባዎቹ ከሳምንት በላይ ቆይተው ሲደርሱ የደቡቡ አዛዥ የጄኔራል ሊ ጦር ኮረብታውን እየያዘ ነበር። በርንሳይድ ይህንን እያየ እዚያው ለመሻገር ወሰነ።

ታኅሣሥ 11፣ ገና ሳይነጋ፣ በጭጋግ ውስጥ ሥራው ተጀመረ። ወንዙ 400 ጫማ ገደማ ነው፤ ለጠመንጃ ቅርብ። ማዶ በየቤቱ ምድር ቤት የደቡቡ ጄኔራል የባርክስዴል ወታደሮች፣ ሚሲሲፒዎቹ፣ አድፍጠዋል። እነሱ ጨለማ ውስጥ ዒላማ ባያዩም የሳንቃውን ድምፅ ይሰሙ ነበር። ድልድይ ሲዘረጋ ደግሞ ሠራተኛው የሚቆመው ጫፉ ላይ ነው፤ በሁለት እጁ ሳንቃ ይዞ፣ ጠመንጃ ሳይዝ፣ ወደ ተኳሹ እየቀረበ። የ50ኛው ሻምበል አውጉስተስ ፐርኪንስ እዚያው ወደቀ። ሸሹ፣ ተመለሱ፣ እንደገና ሸሹ። ሻምበል ዌዝሊ ብሬይነርድ ቆሰለ፤ በኋላ ትዝታውን የጻፈልን እሱ ነው። የሰሜን መድፎች ከተማዋን ለሰዓታት ቢደበድቡም ምድር ቤቶቹ ዝም አላሉም። ከሰዓት በኋላ ነው የ7ኛው ሚሺጋን እግረኞች በእነዚያው ጀልባዎች ቀዝፈው ማዶውን የያዙት።

ከሁለት ቀን በኋላ በተደረገው ውጊያ ከሰሜን ወገን ከ12 ሺህ በላይ ሰው ሞተ፣ ቆሰለ ወይም ጠፋ። ታኅሣሥ 15 ሌሊት ጦሩ ሲመለስ የእግርና የመንኮራኩሩ ድምፅ እንዳይሰማ መሐንዲሶቹ ሳንቃው ላይ አፈርና ጭድ አለበሱ። ከዚያ የኮንግሬስ መርማሪዎች መጡና ጥያቄው «ጀልባዎቹ ለምን ዘገዩ?» ሆነ። ጀልባ መዘግየቱ እውነት ነው። ግን ጠላት ምሽጉን ከያዘ በኋላ ፊት ለፊት ውጡ ብሎ ያዘዘ ጀልባ የለም። አህያውን ፈርቶ ዳውላውን ይሉታል ይህ ነው።

የመሐንዲሶቹን አቅም ማየት የፈለገ ሰኔ 1864ን ይመልከት። ጄምስ ወንዝ ላይ በ101 ጀልባ ከ2,000 ጫማ በላይ ድልድይ ጣሉ። 14ኛው ቀን ከሰዓት በኋላ ጀምረው እኩለ ሌሊት ሳይሞላ ጨረሱ። መሃል ላይ ውኃው ጥልቅ ነው፣ ማዕበሉ ከፍና ዝቅ ያደርገዋል፤ ስለዚህ የሸራ መርከቦች አቁመው ድልድዩን በእነሱ አሰሩት። የሰሜኑ ጄኔራል የግራንት ሠረገላ፣ መድፍና የእርድ ከብት ለቀናት ተሻገረበት፤ ሊም ዘግይቶ ነው የነቃው። የጊዜው ልዩነት ግልጽ ነው፤ እዚህ ዕቃው ቀድሞ ተዘጋጅቶ ቆይቷል፣ ማዶም የሚተኩስ የለም።

የሚቀጥለው ክረምት በፒተርስበርግ ከበባ አለፈ። 50ኛው ፖፕላር ግሮቭ በሚባል ቦታ ለራሱ ከግንድ ቤተ ክርስቲያን ሠራ። ፎቶግራፉ አለ። ግንዶቹ የቆሙት ቀጥ ብለው ነው፣ የመሐንዲሶች ምልክት የሆነው ግንብ በሩ ላይ ይታያል። ቅርፊቱን አልላጡትም። እንጨት ሥራ የሚያውቅ ሰው ይህን ሲያይ ለጊዜው ብቻ የታሰበ መሆኑ ይገባዋል፤ ያልተላጠ ግንድ ብል ይገባበታል። ክፍለ ጦሩ በ1865 በጋ ተበተነ።